ያልተገናኙትን ማገናኘት
(ስለ ጃፓን የልዩ ቀረጻ ፊልሞች ቅንብር)

ከዚህ ቀጥሎ የቀረበው ምንባብ ገላጭ ድርሰት ነው። ገላጭ ድርሰት አንድ ነገር ምን እንደ ሆነና እንዴት እንደሚሠራ ለማያውቀው ሰው የሚያስረዳ የድርሰት ዐይነት ነው። ስታነቡ ሐሳቦቹ በምን ቅደም ተከተል እንደ ተቀመጡ አስተውሉ። በምንባቡ ውስጥ የተጠቀሱት ዓመታት ሁሉ እንደ አውሮጳ አቈጣጠር ናቸው።

1. መግቢያ

ድርሰት ጽፋችሁ ለመምህራችሁ ባቀረባችሁ ጊዜ፣ «ሦስተኛውን አንቀጽ ወደ መጀመሪያ አምጡት፤ አምስተኛው ከሐሳቡ ጋር አይሄድምና ሰርዙት» የሚል ማስታወሻ ደርሷችሁ ያውቅ ይሆናል። እንደ ተባላችሁት ስታደርጉ፣ አንድም አዲስ ቃል ሳትጨምሩ ድርሰቱ ሌላ መልክ ይይዛል። ቃላቱ እነዚያው ናቸው፤ የተለወጠው ሥፍራቸው ነው። ከሥፍራቸው መለወጥ የተነሣ ግን አንባቢው የሚያገኘው ትርጉም ይለወጣል።

በፊልም ሥራም ይህን የሚመስል ተግባር አለ። ሲኒማ ቤት ገብታችሁ ስትቀመጡ በሸራው ላይ የሚታየው ታሪክ እንደ ወንዝ ሳይቋረጥ የሚፈስ ይመስላችኋል። በእውነቱ ግን በልዩ ልዩ ቀንና በልዩ ልዩ ሥፍራ ከተነሡ፣ በመቶ ከሚቈጠሩ ቍራጮች የተሰፋ ነው። ከተነሣው ፊልም ውስጥ የሚበጀውን መምረጥ፣ የማይበጀውን መጣል፣ የተመረጠውን በልኩ መቍረጥ፣ የተቈረጠውንም በቅደም ተከተል መቀጠል የፊልም ቅንብር ይባላል። ይህን የሚሠራው ባለሙያም አቀናባሪ ይባላል። በጥንቱ አሠራር አቀናባሪው ፊልሙን በመቍረጫ እየቈረጠ በማጣበቂያ ያያይዘው ነበር፤ ዛሬ ይኸው ሥራ በኮምፒዩተር ይከናወናል። መሣሪያው ተለወጠ እንጂ ጥያቄው አልተለወጠም፤ ይኸውም «ከዚህ ቀጥሎ ተመልካቹ ምን ማየት አለበት? ለምን ያህልስ ጊዜ?» የሚል ነው።

የዚህ ሙያ ጕልበትም ሆነ ችግር ጐልቶ ከሚታይባቸው ሥራዎች መካከል፣ ግዙፋን አውሬዎች ከተማ ሲያፈርሱ የሚያሳዩት የጃፓን ፊልሞች ይገኙበታል። ጃፓኖች ይህን ዐይነቱን ሥራ «ቶኩሳትሱ» ይሉታል፤ ትርጉሙም ልዩ ቀረጻ ማለት ነው። እነዚህን ፊልሞች የልጆች መጫወቻ አድርገው የሚንቋቸው ብዙዎች ናቸው። እንዴት እንደ ተቀናበሩ የመረመረ ሰው ግን ስለ ፊልም ብቻ ሳይሆን ስለ ማናቸውም ድርሰት የሚማረው ነገር ያገኛል።

2. ሁለት ቡድኖች፣ አንድ ፊልም

ከእነዚህ ፊልሞች ሁሉ ግንባር ቀደም የሆነው፣ ቶሆ የተባለው የጃፓን የፊልም ኩባንያ ኖቬምበር 3 ቀን 1954 ለሕዝብ ያቀረበው «ጎጂራ» ነው። በሌላው ዓለም ጎድዚላ በሚለው ስም ይታወቃል። ታሪኩ በአጭሩ እንዲህ ነው። በባሕር ጥልቀት ውስጥ ተሰውሮ የኖረ ጥንታዊ አውሬ በሃይድሮጂን ቦምብ ሙከራ ከማደሪያው ተነሥቶ ወደ ቶኪዮ ይመጣል፤ ከተማዪቱንም በእሳት ያጠፋል።

ፊልሙን የሠሩት ሁለት ቡድኖች ናቸው። የአንደኛው ቡድን መሪ የፊልሙ አዘጋጅ ኢሺሮ ሆንዳ ነበር። እርሱና ባልደረቦቹ ተዋንያኑን ሲናገሩ፣ ሲሸሹ፣ ሲያለቅሱ ያነሡ ነበር። የሁለተኛው ቡድን መሪ ኤይጂ ጹቡራያ ነበር። ጹቡራያ በ1901 የተወለደ፣ ከካሜራ ሠራተኝነት ተነሥቶ በልዩ ቀረጻ ጥበብ ስሙ የገነነ ሰው ነው። በ1933 የወጣው «ኪንግ ኮንግ» የተባለው የአሜሪካ ፊልም እጅግ ማርኮት ነበር። በዚያ ፊልም ውስጥ የሚታየው ግዙፍ ዝንጀሮ አሻንጉሊት ሲሆን፣ በእያንዳንዷ ነጠላ ምስል መካከል ጥቂት ጥቂት እየተነካ በመነሣቱ በሕይወት ያለ ይመስላል። ጹቡራያ በዚህ ዘዴ ለመጠቀም ቢመኝም ጊዜውም ገንዘቡም አልፈቀደለትም። ስለዚህ ሌላ መንገድ መረጠ፤ ሰው የአውሬ ልብስ ለብሶ፣ በልኩ ተመጥነው በተሠሩ ትንንሽ ሕንፃዎች መካከል እንዲራመድ አደረገ።

ልብሱን ከለበሱት ሰዎች ዋነኛው ሀሩዎ ናካጂማ ይባላል። የመጀመሪያው ልብስ ወደ 100 ኪሎ ግራም የሚመዝን፣ ደረቅና ለመራመድ የማይመች ስለ ነበረ ሥራው ብርቱ ድካም ያለበት ነበር። ናካጂማ የከባድ አካል አረማመድ እንዴት እንደ ሆነ ለማወቅ ወደ እንስሳት ማቈያ ሄዶ የዝሆኖችንና የድቦችን አካሄድ አጥንቷል።

ከዚህ ላይ አንድ ነገር ልብ በሉ። የሚሸሸው ሰው በአደባባይ ሮጠ፤ የሚሸሽለት አውሬ በስቱዲዮ ውስጥ ተራመደ። ሁለቱ በአንድ ሥፍራ አልነበሩም፤ በአንድ ቀንም አልተነሡም። ሁለቱን በአንድ ምስል ውስጥ አጣምሮ የማሳየት ዘዴ ቢኖርም፣ ብዙ ድካምና ወጪ ስለሚጠይቅ በየቦታው ሊሠራበት አይችልም ነበር። እንግዲያው ሰውየው ከአውሬው የሚሸሽ እንዲመስል ያደረገው ምንድን ነው? መልሱ ቅንብር ነው። ሁለቱ ቡድኖች የሚያነሧቸው ቍራጮች ኋላ እንዲገጥሙ፣ ትዕይንቶቹ አስቀድመው በሥዕል ተነድፈው ነበር። ይህም ድርሰት ከመጻፋችሁ በፊት የምታዘጋጁትን አስተዋጽኦ ይመስላል።

3. መስተፃምር የሌለው ቋንቋ

በቋንቋ ሁለት ሐሳቦችን ለማያያዝ መስተፃምርና መስተዋድድ አሉን። «አውሬው ስለ መጣ ሕዝቡ ሸሸ» ስንል «ስለ» የምትለው ቃል ምክንያቱንና ውጤቱን ታስተሳስራለች። ፊልም ግን «ስለ»፣ «ነገር ግን»፣ «ሆኖም» የሚሉ ቃላት የሉትም። ያለው አንዱን ምስል ከሌላው ቀጥሎ ማስቀመጥ ብቻ ነው። ማያያዣውን የሚጨምረው ተመልካቹ በገዛ አእምሮው ነው።

ይህን ጉዳይ በ1910ዎቹ መጨረሻና በ1920ዎቹ ከመረመሩት ሰዎች አንዱ ሩሲያዊው ሌቭ ኩሌሾቭ ነበር። ኩሌሾቭ የአንድ ተዋናይ ፊት የሚታይበትን አንድ ቍራጭ ወስዶ፣ አንድ ጊዜ ከሾርባ ሳሕን፣ ሌላ ጊዜ ከሬሳ ሣጥን ጋር ቀጠለው። ፊቱ አንድ ነው፤ ተመልካቾቹ ግን በመጀመሪያው ረኃብን፣ በሁለተኛው ኀዘንን እንዳዩ ተናገሩ ይባላል። ስሜቱ የነበረው ተዋናዩ ፊት ላይ ሳይሆን በሁለቱ ቍራጮች መገናኛ ላይ ነበር ማለት ነው።

የጃፓን የልዩ ቀረጻ ፊልሞች የቆሙት በዚህ መሠረት ላይ ነው። በ«ጎጂራ» ውስጥ አውሬው ፊቱን ለመጀመሪያ ጊዜ በግልጽ የሚያሳየው ፊልሙ ከተጀመረ 20 ደቂቃ ካለፈ በኋላ ነው። የኦዶ ደሴት ነዋሪዎች የማስጠንቀቂያ ደወል ሰምተው ወደ ኰረብታው ይሮጣሉ። ወዲያው ከኰረብታው ጫፍ በስተጀርባ የአውሬው ራስ ብቅ ይላል። ቀጥሎ ሕዝቡ እየጮኸ ቍልቍል ሲሸሽ ይታያል። አእምሮአችን እነዚህን ቍራጮች ሲቀበል ርቀቱን፣ ከፍታውንና አደጋውን በገዛ ራሱ ያሰላል።

ይህ ስሌት እንዳይፋለስ አቀናባሪው ሦስት ነገሮችን ይጠብቃል። አንደኛው የዐይን አቅጣጫ ነው። ሰዎቹ ወደ ላይ ቀና ብለው ወደ ቀኝ የሚያዩ ከሆነ፣ ቀጥሎ የሚመጣው አውሬ ከታች ወደ ላይ የታየና በዚያው ወገን የቆመ መሆን አለበት። ሁለተኛው የጕዞ አቅጣጫ ነው። አውሬው ከግራ ወደ ቀኝ እየተራመደ ከሆነ፣ የሚሸሹትም ከግራ ወደ ቀኝ መሮጥ አለባቸው፤ አለዚያ ሊቀበሉት የሚሄዱ ይመስላሉ። ሦስተኛው መጠን ነው። የአውሬው እግር ብቻውን ቢታይ ስለ ግዙፍነቱ የሚነግረን ነገር የለም፤ ከኤሌክትሪክ ምሰሶ ወይም ከባቡር አጠገብ ሲሆን ግን ልኩን ይነግረናል። እነዚህ ሦስቱ በድርሰት ውስጥ ተውላጠ ስምን ከባለቤቱ ጋር እንደ ማስማማት ናቸው። «እርሱ» ያልነው ማን እንደ ሆነ አንባቢው ከጠፋው ዐረፍተ ነገሩ እንደሚፈርስ ሁሉ፣ ማን ማንን እንደሚያይ ተመልካቹ ከጠፋውም ትዕይንቱ ይፈርሳል።

4. የጊዜ ሒሳብ

በሁለቱ ቡድኖች ሥራ መካከል ሌላም ልዩነት አለ፤ እርሱም የጊዜ ልዩነት ነው። ይህን ለመረዳት ጥቂት የፊዚክስ ትምህርት ያስፈልጋል።

በፊልሙ ታሪክ አውሬው 50 ሜትር ቁመት አለው። ልብሱን የለበሰው ሰው ቁመት ግን ወደ 2 ሜትር ነው። ስለዚህ በስቱዲዮው ውስጥ ያለው ዓለም ከእውነተኛው 25 እጅ ያንሳል። ከ50 ሜትር ከፍታ የወደቀ ድንጋይ መሬት ለመድረስ ከ3 ሴኮንድ ጥቂት የበለጠ ጊዜ ይፈጅበታል። ከ2 ሜትር የወደቀ ግን ከ1 ሴኮንድ ባነሰ፣ ማለትም በ0.64 ሴኮንድ ገደማ ይደርሳል። ትንሿ ሕንፃ ስትፈርስ ካሜራው በተለመደው ፍጥነት ቢያነሣት፣ ፍርስራሹ በቅጽበት ስለሚወድቅ መጫወቻ መሆኗ ወዲያው ይታወቃል።

መፍትሔው ካሜራውን ማፍጠን ነው። ፊልም በሲኒማ ቤት ሲታይ በሴኮንድ 24 ምስሎች ያልፋሉ። ካሜራው በሴኮንድ 24 ሳይሆን ከዚያ እጅግ የበለጡ ምስሎችን ቢያነሣና ፊልሙ በተለመደው ፍጥነት ቢታይ፣ እንቅስቃሴው በዚያው ልክ ይዘገያል። በሒሳቡ መሠረት የ25 እጅ ልዩነትን ለማካካስ ጊዜውን 5 ጊዜ ማርዘም ያስፈልጋል፤ 5 ጊዜ 5 25 ነውና። ይህም በሴኮንድ 120 ምስል ማንሣት ማለት ነው። በሥራ ላይ ፍጥነቱ እንደ ትዕይንቱ ዐይነት ይለያያል፤ መርሑ ግን ይኸው ነው። በዘገየው ምስል ውስጥ ፍርስራሹ ቀስ ብሎ ይወድቃል፤ እግሩም ቀስ ብሎ ይረግጣል፤ ዐይናችንም ዝግታውን ክብደት ብሎ ይተረጕመዋል።

እንግዲህ የአቀናባሪውን ችግር ተመልከቱ። በአንድ እጁ በተለመደው ፍጥነት የተነሡ፣ እየጮኹ የሚሮጡ ሰዎች አሉ። በሌላ እጁ በዝግታ የሚንቀሳቀስ አውሬ አለ። የአውሬውን ቍራጭ ረዥም አድርጎ ቢተወው ሽብሩ ይቀዘቅዛል፤ አሳጥሮ ቢቈርጠው ክብደቱ ይጠፋል። ልኩን የሚያገኘው ደጋግሞ በማየትና በመሞከር ብቻ ነው።

አንዳንድ ጊዜም ስሕተት መምህር ይሆናል። በ1955 የቀረበው ሁለተኛው የጎጂራ ፊልም ሲነሣ፣ ሁለት አውሬዎች በኦሳካ ከተማ ይደባደባሉ። በአንዱ ቀረጻ ላይ ከካሜራዎቹ አንዱ በስሕተት በዝግተኛ ፍጥነት ተተወ። ውጤቱ የታሰበው ተቃራኒ ሆነ፤ አውሬዎቹ ከተለመደው ይልቅ ፈጥነው የሚናከሱ አራዊት መሰሉ። ጹቡራያ ቍራጩን ካየ በኋላ አልጣለውም፤ ለጠብ ትዕይንት የሚስማማ ሆኖ ስላገኘው ተጠቀመበት። ከዚያ በኋላም እንደ ትዕይንቱ ስሜት ልዩ ልዩ ፍጥነቶችን መጠቀም ጀመረ።

5. መቼ ይቈረጥ? ምንስ ይሰወር?

በልዩ ቀረጻ ፊልም ውስጥ እያንዳንዱ ቍራጭ ዕድሜ አለው። አንድ አውሮፕላን በቀጭን ሽቦ ተንጠልጥሎ ሲበር ተመልካቹ ለ2 ሴኮንድ ያምናል፤ በአራተኛው ይጠራጠራል፤ በስድስተኛው ሽቦውን ይፈልጋል። ጥሩ አቀናባሪ ጥርጣሬው ከመወለዱ በፊት ይቈርጣል። የሚቈርጠውም ነገሩ በሚንቀሳቀስበት መካከል ነው፤ ዐይን እንቅስቃሴውን ሲከተል መገጣጠሚያውን አያይምና።

ይሁን እንጂ የቅንብር ኀይል ወሰን አለው። በ1964 «ሞትራ ከጎጂራ ጋር» በተባለው ፊልም ውስጥ አውሬው የናጎያን ግንብ ያፈርሳል። በመጀመሪያው ቀረጻ ናካጂማ ትንሹን ግንብ ቢመታው አልፈርስ አለው፤ የተሠራው እጅግ ጠንክሮ ነበር። በዚህ ጊዜ የተነሣውን ፊልም ላለመጣል፣ አውሬው በግንቡ ጥንካሬ የተቈጣ እንዲመስል ለማድረግ ተሞከረ። ኋላ ግን ይህ እንደማያዋጣ ታየ። ግንቡ በቀላሉ እንዲናድ ሆኖ እንደገና ተሠራ፤ ትዕይንቱም እንደገና ተነሣ። ከዚህ የምንማረው፣ ቅንብር ያለውን ያሳምራል እንጂ የሌለውን ከባዶ እንደማይፈጥር ነው። ሐሳብ የሌለውን ድርሰት በሥርዐተ ነጥብ ማዳን እንደማይቻል ሁሉ ማለት ነው።

ድምፅም የቅንብር አካል ነው። «ጎጂራ» ሲጀምር በጥቍር መደብ ላይ የሠራተኞቹ ስም ብቻ ይነበባል፤ ከበስተጀርባው ግን ከባድ የእግር ኮቴና አስፈሪ ጩኸት ይሰማል። አውሬው ሳይታይ ጆሮአችን አውቆታል። ያንን ጩኸት የፈጠረው የፊልሙ ሙዚቃ ደራሲ አኪራ ኢፉኩቤ ነው። ኢፉኩቤ ሙጫ የተቀባ የቆዳ ጓንት አስመጥቶ የኮንትራባስን የላሉ ክሮች በማሸት የተገኘውን ድምፅ ከቀረጸ በኋላ፣ ድምፁን አዘግይቶ በማሰማት እንስሳ የማያወጣውን የእንስሳ ጩኸት አገኘ። በኋላም ይህ ጩኸት በሰዎች ቍራጭ ላይ ጀምሮ በአውሬው ቍራጭ ላይ ሲያልቅ፣ ሁለቱን ዓለማት እንደ ክር ይሰፋቸዋል።

ከሁሉ የሚበልጠው ጥበብ ግን ከጥፋቱ መካከል ሰውን መፈለግ ነው። በቶኪዮ መጥፋት ትዕይንት፣ ሕንፃዎች ሲነዱና ታንኮች ሲቀልጡ ከቆየን በኋላ ፊልሙ በድንገት ወደ አንዲት እናት ያመጣናል። ልጆቿን አቅፋ ከሕንፃ ሥር ተቀምጣለች፤ የሞተውን አባታቸውን ሊገናኙት እንደ ሆነ ትነግራቸዋለች። ይህ ቍራጭ ለጥቂት ሴኮንዶች ብቻ ይቆያል። ነገር ግን ከእርሱ በፊት ያየነው እሳት ሁሉ ትርጉም የሚያገኘው በእርሱ ነው።

6. ቅንብር ትርጉምን ሲለውጥ

እስካሁን የተናገርነው ቅንብር አሳማኝ ስለሚያደርግበት መንገድ ነበር። አሁን ደግሞ ወደ ከባዱ ነገር እንለፍ፤ ይኸውም ቅንብር እውነትን ስለሚያጐላበትና ስለሚያደበዝዝበት መንገድ ነው።

ማርች 1 ቀን 1954 የአሜሪካ መንግሥት በፓሲፊክ ውቅያኖስ በቢኪኒ ደሴቶች የሃይድሮጂን ቦምብ ሞከረ። «ዕድለኛው ዘንዶ ቍጥር 5» የምትባል የጃፓን ዓሣ አጥማጅ መርከብ በአካባቢው ነበረች። በላይዋ የነበሩት 23 ሰዎች ድንገተኛ ብርሃን አዩ፤ ቈይቶም መርዛማ ዐመድ ዘነበባቸው። የመርከቧ ሬዲዮ ሠራተኛ በዚያው ዓመት ሴፕቴምበር 23 ቀን ሞተ። «ጎጂራ» ለሕዝብ የቀረበው ይህ በሆነ በስድስተኛው ሳምንት ነው። ፊልሙ ሲጀምር በጸጥታ ባሕር ላይ ያለች መርከብ ትታያለች፤ ድንገት ባሕሩ ያበራል፤ መርከቧም ትቃጠላለች። ይህን ያየ ጃፓናዊ ምን ማለት እንደ ሆነ የሚነግረው ሰው አላስፈለገውም። አዘጋጁ ሆንዳም በ1946 ከጦር ሜዳ ወደ አገሩ ሲመለስ፣ በአቶሚክ ቦምብ የጠፋችውን ሂሮሺማን በዐይኑ አይቶ ነበር።

በእኛ አነጋገር ፊልሙ ሰምና ወርቅ አለው ለማለት ይቻላል። ሰሙ አውሬው ነው፤ ወርቁ ቦምቡ ነው።

በ1956 ይኸው ፊልም ለአሜሪካ ተመልካች እንደገና ተቀናብሮ ቀረበ። አዲሶቹን ትዕይንቶች ያዘጋጀው ቴሪ ሞርስ ሲሆን፣ ሬይመንድ በር የተባለ ተዋናይ የአሜሪካ ጋዜጠኛ ሆኖ ተጨመረ። በር ከጃፓን ተዋንያን ጋር ፊት ለፊት አልተገናኘም። እንዴት እንዳነጋገራቸው ብትጠይቁ፣ ከላይ የተማራችሁት ዘዴ ነው። ጃፓናዊውን የሚመስል ሌላ ሰው ጀርባውን ለካሜራው ሰጥቶ በበር ፊት ይቆማል፤ ቀጥሎ ከመጀመሪያው ፊልም የተወሰደ የእውነተኛው ተዋናይ ፊት ይገባል፤ ከዚያም እንደገና በር ይታያል። ተመልካቹ ሁለቱ ሲነጋገሩ ያየ ይመስለዋል። ጋዜጠኛው በቆመበት ወደ ላይ ሲያይና ቀጥሎ አውሬው ሲገባም፣ በዚያ ሌሊት ቶኪዮ ላይ የነበረ መሆኑን እናምናለን።

በሙያው ዐይን ሲታይ ይህ ብልኃት የሚደነቅ ነው። ዋጋው ግን ከባድ ነበር። የመጀመሪያው ፊልም 96 ደቂቃ ነበር፤ አዲሱ 80 ደቂቃ ሆነ፤ ከዚያም ውስጥ የተወሰነው አዲስ የተጨመረ ነው። እንግዲህ ብዙ ነገር ተቈርጦ ወጥቷል። ከወጡት ትዕይንቶች አንዱ ባቡር ውስጥ ነው። በዚያ ትዕይንት ተራ ሰዎች ስለ ተመረዘ ዓሣና ስለ ተመረዘ ዝናብ ይነጋገራሉ፤ አንዲቱም ከናጋሳኪ እልቂት በጭንቅ መትረፏን ታነሣለች። ቦምቡ ከአዲሱ ፊልም ፈጽሞ ባይጠፋም ድምፁ ቀነሰ።

ቅደም ተከተሉም ተለወጠ። የጃፓኑ ፊልም ከባሕሩ ብርሃን ይነሣል፤ ማለትም ከምክንያቱ። የአሜሪካው ግን ከፈረሰችው ቶኪዮና ከቈሰለው ጋዜጠኛ ይጀምራል፤ ማለትም ከውጤቱ። ፍጻሜውም እንዲሁ ነው። በጃፓኑ ፊልም ሽማግሌው ሳይንቲስት የቦምቡ ሙከራ ካልቆመ ሌላ አውሬ ሊነሣ እንደሚችል በሥጋት ይናገራል። በአሜሪካው ፊልም አደጋው ማለፉንና ዓለም እንደገና ሊኖር መቻሉን ጋዜጠኛው ይናገራል። አንዱ በማስጠንቀቂያ፣ ሌላው በማጽናኛ ያበቃል። የሚነድደው ከተማ ያው ነው፤ የሚራመደው አውሬም ያው ነው። ሰሙ ሳይነካ ወርቁ ተቀነሰ።

ይህን ስንል የ1956ቱን ሥራ ለመኰነን ብቻ አይደለም። ጎጂራ ከጃፓን ውጭ በሰፊው የታወቀው በዚህ ቅንብር ምክንያት ነውና። ሆኖም አብዛኛው የአሜሪካ ተመልካች ሳይቈረጥ የቀረውን ፊልም በሲኒማ ቤት የማየት ዕድል ያገኘው በ2004 ነበር። ለግማሽ ምዕተ ዓመት ያህል ብዙ ሰዎች አንድን ማስጠንቀቂያ እንደ ቀላል ጨዋታ ሲያዩት ኖረዋል ማለት ነው።

7. ከዚያ ወዲህ

በ1960ዎቹ በጃፓን ቴሌቪዥን በየቤቱ ሲገባ የሲኒማ ቤት ተመልካች ቀነሰ፤ ለፊልም የሚመደበውም ገንዘብ አብሮ ቀነሰ። በ1969 የወጣው የጎጂራ ፊልም በ1966ና በ1967 ከወጡት ፊልሞች የተወሰዱ የጠብ ትዕይንቶችን መልሶ ተጠቅሟል። ታሪኩ ስለ አንድ ብቸኛ ሕፃን ሕልም በመሆኑ፣ የቆየው ፊልም እንደ ሕልም ሆኖ ገባ። ችግር ብልኃትን ቢወልድም፣ የሚያውቀውን ትዕይንት እንደገና ያየ ተመልካች መሰልቸቱ አልቀረም።

ያልተገናኙትን የማገናኘት ዘዴ በቴሌቪዥንም ቀጥሏል። በ1993 በአሜሪካ የተጀመረው «ፓወር ሬንጀርስ» የጠብ ትዕይንቶቹን የወሰደው ከጃፓን የቴሌቪዥን ተከታታይ ፊልም ነው። ጀግኖቹ ሲዋጉ ፊታቸው በጭንብል የተሸፈነ ስለ ሆነ፣ አሜሪካዊው ወጣት ጭንብሉን ከለበሰ በኋላ የሚታየው ጃፓናዊ መሆኑን ተመልካቹ አያውቅም። መገጣጠሚያው ያለው ጭንብሉ ላይ ነው።

ኮምፒዩተር ከመጣ ወዲህ ሰውንና አውሬን በአንድ ምስል ማሳየት ቀሏል። ይሁን እንጂ አቀናባሪው ሥራ አልፈታም። በ2023 የወጣውና ታካሺ ያማዛኪ ያዘጋጀው «ጎድዚላ ማይነስ ዋን» በ2024 በልዩ ቀረጻ ጥበብ የኦስካር ሽልማት አግኝቷል። ያማዛኪ የፊልሙ አዘጋጅ ብቻ ሳይሆን የልዩ ቀረጻውም ኀላፊ ነበር። ቀድሞ በሁለት ቡድን መሪዎች የተከፈለው ሥራ በአንድ ሰው እጅ ሲገባ፣ የሰዎቹ ታሪክና የአውሬው ታሪክ ከመነሻቸው አብረው ይታሰባሉ። ዛሬም ግን ተመልካቹን የሚያስፈራው አውሬውን ማየቱ ብቻ አይደለም፤ አውሬውን የሚያየውን ሰው ፊት ማየቱ ጭምር ነው።

8. ማጠቃለያ

«ከአነጋገር ይፈረዳል፤ ከአያያዝ ይቀደዳል» ይባላል። የፊልም ቅንብርም የአነጋገርና የአያያዝ ጉዳይ ነው። በዚህ ምንባብ ውስጥ እንዳያችሁት አቀናባሪው የሚሠራው ሌሎች ባመጡለት ቍራጭ ነው። እርሱ የሚወስነው ምን እንደሚቀድም፣ ምን እንደሚከተል፣ ምን ያህል እንደሚቆይና ምን እንደሚወጣ ብቻ ነው። ሆኖም በእነዚህ ውሳኔዎች ሁለት ሜትር የሚሆነውን ሰው ሃምሳ ሜትር ያደርገዋል፤ ያልተገናኙትን ያገናኛል፤ ማስጠንቀቂያውንም ማጽናኛ ሊያደርገው ይችላል።

እናንተም ድርሰት ስትጽፉ በእጃችሁ ያለው ሥልጣን ይኸው ነው። አንድን እውነት ሳትዋሹ፣ ሥፍራውን በመለወጥ ብቻ ልታጐሉት ወይም ልትሰውሩት ትችላላችሁ። ስለዚህ ጽፋችሁ ስትጨርሱ «የተሳሳተ ቃል አለ ወይ?» ብላችሁ ከመጠየቃችሁ ጋር፣ «ያወጣሁት ምንድን ነው? ያወጣሁትስ ለምንድን ነው?» ብላችሁም ጠይቁ።

መልመጃ

ሀ. ምንባቡን መሠረት በማድረግ ለሚከተሉት ጥያቄዎች በሙሉ ዐረፍተ ነገር መልስ ስጡ።

1. የሆንዳና የጹቡራያ ቡድኖች የሥራ ድርሻ እንዴት ይለያያል?
2. ትንሿ ሕንፃ ስትፈርስ ካሜራው መፍጠን ያለበት ለምንድን ነው? በራሳችሁ አነጋገር አስረዱ።
3. ከናጎያ ግንብ ትዕይንት ጸሓፊው ያወጣው ትምህርት ምንድን ነው?
4. የ1954ቱና የ1956ቱ ፊልሞች በአጀማመርና በአፈጻጸም እንዴት ይለያያሉ?
5. ጸሓፊው ፊልሙን ከሰምና ወርቅ ጋር ያነጻጸረው ለምንድን ነው? ንጽጽሩ ተገቢ ነው ትላላችሁ?

ለ. የሚከተሉትን ቃላትና ሐረጎች በምንባቡ ውስጥ በገቡበት አገባብ ፍቷቸው፤ ከዚያም እያንዳንዳቸውን በዐረፍተ ነገር አስገቡ።

ግንባር ቀደም፤ አስተዋጽኦ፤ መርሕ፤ ማካካስ፤ ማደብዘዝ፤ እልቂት

ሐ. የሚከተሉትን ሦስት ዐረፍተ ነገሮች በሁለት ልዩ ልዩ ቅደም ተከተሎች ጻፏቸው። ከዚያም ተስማሚ መስተፃምር እየጨመራችሁ፣ ትርጉሙ በምን እንደ ተለወጠ በአንድ አንቀጽ ግለጹ።

ደወሉ ተደወለ። ሕዝቡ ወደ ኰረብታው ሮጠ። እናቲቱ ልጆቿን አቅፋ ተቀመጠች።